ሮብ ቀን የቀመስኩት ሥጋ

ባለፈው እሑድ ልጄ እንግዶች ጠርታ ጠረጴዛ ታሰናዳ ነበር። ወጡን ይዤ ብቅ አልኩና በእንግዶቹ ፊት ልቀምስ ስል እጄን ያዘችኝ።

«እማዬ፣ ሰው ፊት አይቀመስም፤ ነውር ነው።»

ነውርነቱንስ ከእሷ በፊት ተምሬዋለሁ፣ ያውም በጣሊያን ጊዜ።

የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ነበርኩ። አክስቴ ባሏን ጣሊያኖች ከገደሉባት በኋላ፣ ከቀራንዮ መድኃኔ ዓለም ዝቅ ብሎ ለሚኖር አንድ ጣሊያን ወጥ ትሠራ ነበር፤ ሆድ ምን ያደርጋል። አንድ ሮብ ሰውየው መኮንኖች ለራት ጠራ። አሳላፊ ስለጠፋ አክስቴ የክረምቱን ጭቃ ከእግሬ ላይ ፈትጋ አስገባችኝ። ነጩን የጠረጴዛ ልብስ ዘረጋሁ፤ ሹካውን ደረደርኩ።

«ለአንድ አፍ ሁለት ሹካ ምን ያደርጋል?» አልኳት።

«አንቺ ደርድሪ። ሁለተኛ አፍ ሲያበቅሉ ታያለሽ።»

እንግዶቹ ተቀመጡ። ቪኖውን ስቀዳ፣ እቤታችን ጠላ እንደሚቀዳው፣ መዳፌ ላይ ጠብ አድርጌ ቀመስኩ። ብርጭቆውን የነካ የለም። አንዱ መኮንን አብሯቸው ለመጣው አስተርጓሚ አንድ ነገር አለው።

«ለምን ጠጣሽ ይላሉ።»

«እንዳይፈሩ ነዋ።»

ለካ ያን ሰሞን ከእኛ እጅ የሚበሉት እየፈሩ ኖሯል። የሚፈሩትን እኔው አፍ አውጥቼ ተናገርኩት።

«እንግዲያው ሁሉንም ትቅመስ ብለዋል።»

መኮሮኒውን ቀመስኩ፤ ይንሸራተታል። ሥጋው ላይ ስደርስ በሩ ላይ የቆመችውን አክስቴን አየኋት። ፊቷ ጠቁሯል፤ ራሷን ግራና ቀኝ ነቀነቀች። መርዝ ነው አልኩ በልቤ፤ የባሏን ደም ልትመልስ ነው። እንቢ ብል የሚገድሉት እሷን ነው። ጎረስኩት።

ከዚያ ግድግዳውን ተጠግቼ ሞቴን ጠበቅሁ። ከሆዴ ይጀምረኝ ይሆን ከጉልበቴ እያልኩ፣ እንደ ሌላ ሰው ራሴን አዳምጥ ነበር። ምላሴ ላይ ቅርንፉድ ቅርንፉድ ይላል። ምንም አልመጣም። እነሱም መብላት ጀመሩ።

ጓዳ ስገባ አክስቴ ሳህን እያጠበች ተቆጣችኝ። «ሮብ መሆኑን ረሳሽው? ጾምሽን እንዳትገድፊ ብዬ ራሴን ብነቀንቅልሽ...»

«እኔ እኮ መርዝ ነው ብለሽኝ መስሎኝ ነው።»

እጇ ከውኃው ውስጥ ቆመ። «መስሎሽ ነው የጎረስሽው?»

 እጇን ከውኃው አውጥታ በነጠላዋ ጫፍ አፌን ጠረገችልኝ።

እሑድ ለታ ልጄ እንዳትቀየመኝ ጓዳ ተመልሼ ከየድስቱ ቀመስኩ። ጨው የማይ ይመስላታል። ዛሬ ልጆቼን ማን ይመርዛቸዋል ብትሉኝ እኔም አላውቅም። ብቻ ከቀመስኩ በኋላ ትንሽ ቆሜ እጠብቃለሁ፤ ከዚያ ነው ለልጆቼ የማቀርበው።