አባቴ ያወቀው የኬረላ ሰው

የህንድ ፊልም ሲባል እኔ የማውቀው ዛፍ እየዞሩ መዝፈኑን ነው። ይህን ብላት የሥራ ባልደረባዬ፣ ከደቡብ ህንድ፣ ከኬረላ የመጣችው ነርስ፣ ተቆጣች። «እሱ የቦምቤ ነው! የኛ በራሳችን ቋንቋ፣ በማላያላም ነው የሚሠራው፤ ዝናባችን፣ ዓሣችን፣ የየመንደሩ ጨዋታ ሁሉ አለበት» አለችና አንድ እሑድ ከቸርች መልስ እዚሁ ስዊድን፣ ሱንድቢበሪ ያለው ቤቷ ጠራችን። ከአባቴና ከልጄ ጋር ሄድን። ልጄ አማርኛ ትሰማለች፤ የምትመልሰው ግን በስዊድንኛ ነው።

አባቴ ወሎ ውስጥ ማሲንቆ ሲመታ የኖረ አዝማሪ ነው። እዚህ ግን ከእኔ በቀር ማንም አያውቅም፣ ልጄም ጭምር። ለጠየቀው ሁሉ «ነጋዴ ነበርኩ» ይላል። ሠርግ ላይ «አንተ ከሌለህማ ምን ሠርግ አለ» ሲሉት የነበሩት ሰዎች፣ ልጃችሁን ስጡኝ ሲላቸው «ለአዝማሪ!» ብለው ሳቁበት። ያ እስከ ዛሬ ከሆዱ አልወጣም። እኔን ደግሞ ያ ሁሉ ጨዋታ አብሮት ሊቀበር ነው እያልኩ ያንገበግበኛል።

ከሥር የሚጻፈውን የስዊድንኛ ትርጉም ለአባቴ እየነገርኩት ማየት ጀመርን። ፊልሙ ላይ አንድ ምስኪን የቀን ሠራተኛ አለ። በበዓሉ ቀን ፊቱን ቀይ ተቀብቶ፣ ትልቅ አክሊል ጭኖ በከበሮ ይጨፍራል፤ ቴያም ይሉታል። አምላክ ወርዶበታል ተብሎ የመንደሩ ባለርስት ሳይቀር እግሩ ሥር ይወድቃል። እኔ ጴንጤዋ ደንግጬ «በኢየሱስ ስም!» አልኩ። አባቴ ግን ጉልበቱን እየመታ «እሰይ! እሰይ ወንድሜ!» ይላል።

በማግስቱ ያው ባለርስት ሰውየውን ደጅ አስቁሞ «ከዚህ እንዳታልፍ» አለው። አባቴ ከሶፋው ብድግ አለ።

«ይኼን ሰውዬ አውቀዋለሁ!»

ልጄ በስዊድንኛ ጠየቀች። «ከየት ታውቀዋለህ ነው የምትልህ» አልኩት።

አባቴ «አዝማሪ ነበርኩ፣ ልጄ» አላት።

ነርሷ ፊልሙን አቆመች። ልጄ አያቷን አፍጥጣ አየችው። «እስቲ ይዝፈና!» አለች፣ ያው በስዊድንኛ። ነገርኩት።

«ዝም ብሎ አይዘፈንም» አለ። «ከተሰበሰበው ሰው አንዱ ‹ተቀበል!› ሊለኝ፣ ግጥምም ሊሰጠኝ ይገባል። ያኔ ነው የምጀምረው።»

ወደ እኔ ዞረ። ጌታን ካገኘሁ ወዲህ ለመዝሙር እንጂ ለዘፈን አፌን ከፍቼ አላውቅም። ወይ ጉድ፣ አንዲት ቃል አቃተችኝ! አባቴ ቀስ ብሎ ተመልሶ ተቀመጠ።

«ተቀበል!»

ልጄ ነበረች፤ በአማርኛ፣ ጮክ ብላ። ከዚያ በኋላ የምትጨምረው ግጥም አልነበራትም። አባቴ ግን «እሺ!» ብሎ ጀመረ።