የእኔን መልስ ሰብለ ሰማችው

ይህ የሆነው ባለፈው ሐምሌ፣ በአንድ ዓርብ ቀን ነው። አደጋ አልደረሰብኝም፤ የጠፋብኝም ነገር የለም። አብረውኝ የነበሩት ሴቶች ቢጠየቁ «ደስ የሚል ሽርሽር ነበር» ብለው ነው የሚያልፉት። እኔ ግን ያን ቀን የተቃጠልኩትንና ያፈርኩትን ያህል በሌላ ቀን መቃጠሌንና ማፈሬን ስለማላስታውስ ልጽፈው ወሰንኩ።

የምኖረው ቶሮንቶ፣ ቶርንክሊፍ ፓርክ ነው። ሕንፃችን ውስጥ ያለን ሐበሻ ሴቶች ማኅበር አለን፤ በየሰመሩ፣ ሙቀቱ ሲገባ፣ አውቶቡስ ተከራይተን ለአንድ ቀን ከከተማ እንወጣለን። መውጣት ማለት ደግሞ ናያጋራ ፏፏቴ ነው። እኔ አምስት ጊዜ አይቼዋለሁ፤ ምንም አልተለወጠም።

ስለዚህ ሚያዝያ ላይ በስብሰባ እጄን አውጥቼ ሌላ ሐሳብ አቀረብኩ። ጠዋት ስትራትፎርድ የምትባለውን የድሮ ከተማ አይተን፣ ምሳችንን እዚያው አቅራቢያ ገጠር ውስጥ አሚሾች ቤት እንብላ አልኩ። አሚሾች መኪና የማይነዱ፣ ቤታቸው የኤሌክትሪክ መስመር የማያስገቡ፣ በፈረስ ጋሪ የሚሄዱ ክርስቲያኖች ናቸው። ሴቶቹ ሁሉ አንድ ዓይነት ረጅም ቀሚስ ይለብሳሉ፤ ፀጉራቸውን በቆብ ይሸፍናሉ። ማንም ከማንም በልጦ እንዳይታይ ነው።

ሊቀመንበራችን እትዬ አስካለ «መነኮሳት ናቸው?» ብለው ጠየቁ።

«አይደሉም እትዬ። ያገባሉ፣ ይወልዳሉ።»

«አግብተውም እንዲያ ከለበሱ መታየት አለባቸው» አሉ። ተሳቀ፤ ሐሳቡም አለፈ።

እኔ ትምህርት የቀጠልኩት ዘግይቼ ነው። አገር ቤት ከአራተኛ ክፍል ወጥቼ ወንድሞቼን አሳደግኩ። ቶሮንቶ መጥቼ የጎልማሶች ትምህርት ቤት ስገባ ሠላሳ ስድስት ዓመቴ ነበር፤ ሃይስኩል የጨረስኩት በአርባ ሁለት ነው። ለዚህም ይሆናል ሳላነብ የማልናገረው። ለዚህ ጉዞ ብቻ ከላይብረሪ አራት መጽሐፍ ተውሼ አንድ ደብተር ሙሉ ማስታወሻ ያዝኩ። የማስጎበኘው እኔ እንደምሆን አልተጠራጠርኩም ነበር።

የምሳውን ቀጠሮ የያዝኩትም እኔ ነኝ። እንግዳ የምትቀበለው አሚሽ ሴት ሊድያ ትባላለች። ስልክ ስለሌላት ቀጠሮ የሚያዘው በደብዳቤ ነው። ሴቶቹን ይዤ የምመጣው እኔ ነኝ ብዬ፣ ሦስት ጊዜ ገልብጬ፣ ስህተቱን ለቅሜ ላክሁ። መልሱ በእጅ የተጻፈ ነበር። እስከዚያ ቀን ድረስ በስሜ የሚመጣልኝ የእጅ ጽሑፍ ያለበት ፖስታ አልነበረም። ቅዳሜን ለእሁድ ስለምትዘጋጅበት ዓርብ ኑ ትላለች። ስለ ራሴም ጥቂት እንድነግራት ጠየቀችኝ።

በሁለተኛው ደብዳቤ ዓርብ የጾም ቀናችን መሆኑን፣ ሥጋ፣ ወተት፣ ቅቤና እንቁላል እንደማንበላ አስረዳሁ። እዚያ ላይ ማቆም ነበረብኝ። እጄ ግን አልቆም አለ። ስለ ሰብለ ጻፍኩ።

ሰብለ ከእኔ ሦስት ፎቅ ከፍ ብላ የምትኖር ጓደኛዬ ናት። ልጇን ክርስትና ያነሳሁት እኔ ነኝ። አዲስ አበባ ጥሩ ትምህርት ቤት ስለተማረች እንግሊዝኛ ስትናገር አትደናቀፍም፤ መጽሐፍ ስትገልጥ ግን አይቻት አላውቅም። እሷ ስትገባ ቤቱ ይሞቃል። እኔ ግማሽ ሰዓት ከተቀመጥኩ በኋላ «ውይ ፀዳለ፣ መቼ መጣሽ?» እባላለሁ።

ለማላውቃት ሴት እንዲህ ብዬ ጻፍኩ፦ «የምወዳት ጓደኛ አለችኝ። ልጇ የክርስትና ልጄ ናት። ሰው ሁሉ ይወዳታል። አንዳንድ ቀን ድምፅዋ በተዘጋ ብዬ እመኛለሁ። እናንተ ሁላችሁም አንድ ዓይነት ነው የምትለብሱት። እናንተ ዘንድ ቅናት አለ? ካለስ ምን ታደርጋላችሁ?»

ደብዳቤው ከሄደ በኋላ ነው ምን እንዳደረግኩ የገባኝ። የሊድያ መልስ አጭር ነበር። ስለ ምግቡ አታስቡ አለችና «ሌላውን ጥያቄሽን ስትመጪ ፊት ለፊት እመልስልሻለሁ» ብላ ዘጋችው። ከዚያ ወዲያ የድሮ ከተማም ሆነ የፈረስ ጋሪ ከልቤ ወጣ። የምሄደው ያንን መልስ ለመስማት ሆነ።

ጉዞው ሁለት ሳምንት ሲቀረው እትዬ አስካለ ደወሉ።

«ፀዳልዬ፣ ማይኩን ሰብለ ትያዘው። ያንቺ ድምፅ ከሁለተኛው ወንበር አያልፍም። ደብተሩን ስጫት፣ አደራ።»

«እሺ እትዬ» አልኩ። ደብተሬን ይዤ ሦስት ፎቅ ወጣሁ።

በዕለቱ ሰብለ ቢጫ ቀሚስ ለብሳ ከሹፌሩ ጎን ቆመች። እኔ አሚሽ ወንዶች ጺማቸውን የሚያሳድጉት ሲያገቡ መሆኑን በአንድ መስመር ጽፌው ነበር። እሷ «ሴቶች ስሙኝ! እዚያ ጺም ያለው ሁሉ ባለትዳር ነው። ይሄ ሕግ ቶሮንቶ ቢኖር ስንታችን በተረፍን!» አለች። አውቶቡሱ በሳቅ ተናጋ። ቁም ነገሩን የለቀምኩት እኔ፣ ሳቁ የእሷ።

ስትራትፎርድ ስንደርስ ማማ ያለውን ትልቁን የከተማውን አዳራሽ ቤተ ክርስቲያን ነው ብላ አስረዳች። እትዬ አስካለ ነጠላቸውን አስተካክለው ተሳለሙት።

«ማዘጋጃ ቤት ነው» አልኩ ከኋላ።

የሰማችኝ ሰብለ ብቻ ናት። «ፀዳለ ማዘጋጃ ቤት ነው ትላለች! ግድ የለም እትዬ፣ የፈቃድ ወረቀት ያላችሁ እዚህም ጸልዩ!» ብላ በማይኩ አወጀች። እትዬ አስካለ ራሳቸው እስኪያነቡ ሳቁ። እኔ ወንዙ ዳር ሄጄ ስዋን የሚባሉትን አንገተ ረጃጅም ነጫጭ የውሃ ወፎች አየሁ። ከዚያ በፊት ስዋን አይቼ አላውቅም፤ ያን ቀንም በቅጡ አላየኋቸውም።

ሊድያ ቤት ስንደርስ እኩለ ቀን ሆኗል። ሊድያ ስልሳ የሚሆናት፣ ሰፊ እጅ ያላት ሴት ናት። ሽርጧን እያበሰች ወደ አውቶቡሱ መጣች። እኔ የእትዬ አስካለን ክንድ ይዤ ከኋላ ነበርኩ። ሰብለ ደብተሬን እንደያዘች ቀድማ ወረደች።

«ሴቶቹን ይዘሽ የመጣሽው አንቺ ነሽ?» አለቻት ሊድያ።

«አዎ፣ እኔ ነኝ!»

ሊድያ ሁለት እጇን ያዘቻት። «ስምሽን እንዳላበላሸው ፈርቼ ነው የማልጠራሽ። ደብዳቤዎችሽን ግን ለሴት ልጆቼ ሁሉ አንብቤላቸዋለሁ፤ ከመጨረሻው ገጽ በቀር። እንዴት ያለ ጽሑፍ ነው!»

ሰብለ ሳቅ ብላ «አመሰግናለሁ» አለች።

እኔ አውቶቡሱ ደረጃ ላይ ነበርኩ። አንድ ቃል ይበቃ ነበር። አልተናገርኩም። «እሷ ትናገር፣ እሷ ታርመው» ብዬ ጠበቅሁ። አላረመችውም።

ገበታው ረጅም ነበር። ባቄላ፣ ድንች፣ በዘይት የተጋገረ ዳቦ፣ ኮምጣጤ ውስጥ የቆየ ቀይ ሥር፣ ቅቤ የሌለው የፖም ኬክ። አንዲት የወተት ጠብታ የለችበትም።

«ሰብልዬ፣ ጾማችንን እንኳን አልረሳሽም! ተባረኪ!» አሉ እትዬ አስካለ። ሰብለ አፏ ሙሉ ስለነበር በእጇ ምልክት «ኧረ ምንም አይደል» አለች። ዳቦዬን ሳህኔ ላይ መለስኩት።

ከምሳ በኋላ ሊድያ ሰብለን ክንዷን ይዛ «ያልኩሽን ልመልስልሽ» አለቻትና ጓዳ ካለችው ክፍል አስገብታ በሩን ዘጋችው። እኔ ሳህን እየሰበሰብኩ ነበር። መልሴ በዚያ በር ማዶ ለሌላ ሰው እየተነገረ ነው። ገብቼ «እኔ ነኝ» እንዳልል ጥያቄው ምን እንደሆነ ሰብለ ፊት ሊነገር ነው። እንዳልገባ ደግሞ እየተነገረ ነው። ያንኑ ሳህን ደጋግሜ ጠረግሁ።

ሲወጡ ሰብለ አላየችኝም። ሁላችንም ተሰልፈን ስንሰናበት ሊድያ ለእኔም እንደ ማንኛዋም ሴት «ስለመጣሽ አመሰግናለሁ» አለችኝ።

አውቶቡሱ ሲነሳ ሰብለ ማይኩን ለሹፌሩ መልሳ አጠገቤ ተቀመጠች።

«ምን አለችሽ?» አልኩ።

«ቆይ፣ መጀመሪያ አንቺ መልሺ። ድምፄ ቢዘጋ ደስ ይልሻል?»

«ሁልጊዜ አይደለም።»

«እግዜር ይስጥልኝ!»

«ለምን እኔ አይደለሁም አላልሻትም?»

«ደብዳቤውን ስታመሰግነኝ የማኅበሩ መስሎኝ ነው። ደግሞ መመስገን ማን ይጠላል? ጓዳ ገብተን እጄን ይዛ ስትጀምር አንድ የተቃጠለ ሰው እንዳለ ገባኝ፤ ማን እንደሆነ ግን አላወቅሁም። የክርስትና ልጅ ስትል ነው ደርቄ የቀረሁት። ያን ጊዜ ሴትየዋ ገመናዋን ዘክዝካዋለች። ሰው ተሳስተሻል ልበላት?»

ከዚያ ነገረችኝ። ሊድያ እንዲህ አለች፦ እኛ ዘንድም ቅናት አለ። ልብሳችን አንድ ስለሆነ ሌላ የምናይበት አናጣም። ሰኞ ሰኞ ልብስ እናጥባለን። የወንድሜ ሚስት ቤት ከኮረብታው ማዶ ነው። በመስኮት ሳይ የእሷ ልብስ ከእኔ ቀድሞ ገመድ ላይ ከተሰጣ ቀኔ ይበላሻል። ሠላሳ ዓመት ሆነኝ። ምን እንደማደርግ ጠየቅሽኝ። ሳሙና እያለኝ ሳሙና አበድሪኝ ብዬ እሄዳለሁ። እሷ ትስቅብኛለች፤ እኔም ቁጭ ብዬ ሻይ እጠጣለሁ።

«ይኸው ነው?» አልኩ።

«ይኸው ነው። ለፈረንጅ ከምትጽፊ ለእኔ ብትነግሪኝ እኔም ስቄብሽ በተገላገልን ነበር» አለች። ስትናገር ግን አልሳቀችም። ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች።

እስከ ቶሮንቶ አንድ ቃል አልተነፈሰችም። እትዬ አስካለ ሁለት ጊዜ «ሰብልዬ አሟታል እንዴ?» ብለው ጠየቁ። የተመኘሁት ደረሰልኝ፤ ድምፅዋ ተዘጋ። አውቶቡሱ ውስጥ የጎማው ድምፅ ብቻ ነበር የሚሰማው። እንዲያ ያለ መንገድ ሄጄ አላውቅም።

ከዚያ በኋላ አልደወለችም። እኔም አልደወልኩም። ለሊድያ ግን ጻፍኩ፤ ጸሐፊዋ እኔ ነኝ፣ ባለ ቢጫ ቀሚሷ ጓደኛዬ ናት አልኳት። ነገሩ መስተካከል አለበት ብዬ ነው ብዬ ራሴን አሳምኜ ነበር። እውነቱን ለመናገር ምስጋናዬን ላስመልስ ነው።

ነሐሴ ላይ ሊድያ አድራሻዬን ብቻ ስለምታውቅ ሁለት ፖስታ በእኔ ሣጥን ላከች። አንዱ የእኔ፣ አንዱ «ለጓደኛሽ» የሚል። የእኔ ሁለት ገጽ ነው፤ ይቅርታም ምስጋናም አለበት፤ ደስ ይላል። የሰብለን በእጄ መዘንኩት። ይወፍራል። አራት ቀን ጠረጴዛዬ ላይ አስቀመጥኩት። አንድ ጊዜ መብራት ላይ ይዤ አይቼዋለሁ፤ አልከፈትኩትም።

በአምስተኛው ቀን ሦስቱን ፎቅ ወጣሁ። ሰብለ በሩን ከፈተች። ፖስታውን ሰጠኋት። ገልጣ ትንሽ ታገለችና «ይሄ እርስ በርሱ የተጠላለፈ ጽሑፍ አይነበበኝም። ነይ ግቢ፣ አንብቢልኝ» አለች።

ተቀምጬ ማንበብ ጀመርኩ። ሊድያ ሰብለ ገበታ ላይ የደገመችላትን የጺሙን ቀልድ ለባሏ ነግራዋለች። ባሏ ጺሙን ይዞ ስቋል። የልጆቿን፣ የአትክልቷን ነገር ጽፋለች። ሦስተኛው ገጽ ላይ ስደርስ ዓይኔ ቀድሞኝ አየው፦ «የጓደኛሽ ደብዳቤ ውብ ነው። ቤታችን ውስጥ የቀረው ግን ያንቺ ሳቅ ነው።»

ይህችን መስመር ብዘላት ሰብለ አታውቅም። ማንም አያውቅም። ጉሮሮዬን ጠረግሁና አነበብኳት። ቃል አላስቀረሁም።

«እንዲህ ብላለች? ወይስ ልታስደስቺኝ ከራስሽ ጨመርሽ?» አለች ሰብለ።

«እኔ ላንቺ?» አልኳት።

ሳቀች፤ ከዚያ ሐምሌ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ። ያ ሳቅ ደስም አለኝ፣ አቃጠለኝም። አሁንም ሊድያ ስትጽፍ ሁለቱን ፖስታ በእጄ እመዝናለሁ፤ የእሷን ይዤም እወጣለሁ፤ የተጻፈውን ሁሉ አነብላታለሁ። መቅናቱ አልቀረልኝም። ቀርቶልኛል ብል ውሸት ይሆናል፤ ውሸት ደግሞ መጻፍ አልወድም።