ካሜራ የያዘችው ደራሲ

ዘመነች አየለን የተዋወቅኳት አስኮ፣ ቤተ ክርስቲያናችን ውስጥ ነው። እሷ የወጣቶችን ድራማ ትጽፋለች፤ እኔ የድምፁን ሥራ እሠራለሁ። የአምልኮ ፕሮግራሙ በቪዲዮ መቀረጽ ሲጀምር ካሜራ የሚይዝ ጠፋና እሷው ያዘችው። መዘምራኑ እየዘመሩ እሷ የምትቀርጸው የሚሰማውን ሰው ፊት ነበር። ሽማግሌዎቹ ጠርተው፣ «እህታችን፣ አልፎ አልፎ እንኳ መድረኩን አሳዪን» አሏት።

ከዚያ ወዲህ ሠርግ ቀረጸች፣ የሱቅ ማስታወቂያ ቀረጸች፤ በመሃል በመሃሉ ትጽፍ ነበር። ከእስር የተፈታ ልጇን ልትቀበል ስለወጣች እናት የጻፈችውን ፊልም አቶ ገሜዳ የሚባሉ ፕሮዲዩሰር ወደዱላት። ካሜራውን ግን ልምድ ያለው ሰው ይያዘው አሉ።

«እኔ የምጽፈው የሚታየኝን ነው» አለቻቸው። «የታየኝን ለሌላ ሰው እንዴት አድርጌ ልስጠው?»

በማግስቱ ኮልፌ ሄዳ አንዲት ነጋዴ ጠዋት ሱቋን ስትከፍት ቀርጻ አመጣችላቸው። ሌላ ምንም የለውም፤ ሴትዮዋ ቁልፉን ታዞራለች፣ ትንሽ ታስባለች፣ ትገባለች። አቶ ገሜዳ ደግመው አዩትና «መቼ እንጀምር?» አሉ።

ዋናውን ትዕይንት የቀረጽነው አየር ጤና፣ ታክሲ ተራው አጠገብ ነው፤ ድምፁን የያዝኩት እኔ ነኝ። እናቲቱን ሆነው የሚጫወቱት አንጋፋዋ ተዋናይት ወይዘሮ ወርቄ ናቸው። ልጃቸውን እንዳገኙ የሚሉት ሙሉ ገጽ ንግግር አለ። ልምምዱ ላይ ግን አፋቸውን ከመክፈታቸው በፊት የልጁን ኮሌታ አቃኑለት፤ እጃቸውም እዚያው ቀረ። ዘመነች ዓይኗን ከካሜራው ሳትነቅል ቆየች። ከዚያ ወደሳቸው መጣች።

«እትዬ ወርቄ፣ ንግግሩን ትተነዋል።»

«ምን ማለትሽ ነው ልጄ? ስሸመድደው እኮ ነው የከረምኩት።»

«እኔም ስጽፈው ነው የከረምኩት። ግን ኮሌታውን ሲይዙለት ሁሉንም ነገሩት። ከዚያ በላይ ትርፍ ነው።»

ያንን ገጽ ምን ያህል እንደለፋችበት ስለማውቅ ልከራከርላት ፈልጌ ነበር። እሷ ግን ወደ ካሜራዋ ተመልሳለች።

ፊልሙ የተመረቀ ዕለት እናቲቱ ኮሌታውን የምትይዝበት ቦታ ላይ ሲደርስ አዳራሹ ውስጥ የሚሰማው «ጦር ኃይሎች፣ ጦር ኃይሎች» የሚሉት የታክሲ ረዳቶች ድምፅ ብቻ ነበር። ከዘመነች አጠገብ የተቀመጡት ወይዘሮ ወርቄ እጇን ጭምቅ አደረጉት። በኋላ መድረክ ላይ ሲጠሩ፣ «ብዙ ፊልም ሠርቻለሁ» አሉ። «ዝም ብዬ ስቆም ያመነችኝ ግን ይቺ ልጅ ናት።» ዘመነች አንገቷን ደፍታ ነበር። እኔ ቀና ብዬ ሰዉን አየሁ፤ ኩራቱ የኔም ጭምር መሰለኝ።

አሁን ሁለተኛ ፊልሟን እየሠራን ነው። ባለፈው ፖስተሩን የሚያትመው ልጅ ደወለልኝና፣ «ድርሰት ላይም ቀረጻ ላይም አንድ ስም ነው ያለው፤ ተሳስታችሁ ነው?» አለኝ።

«አልተሳሳትንም፤ እንደዛው አትመው» አልኩት።

ስነግራት ሳቀችና መብራቱን ትንሽ ወደ ግራ እንድገፋላት አዘዘችኝ።