ከሽቦው ወደኋላ የቆምንበት እሁድ

ሽንኩርት የገዛኝ ሰውዬ ዋጋ አልጠየቀም። ነገሩ የገባኝ ያኔ ነው። ዕድሜዬን ጉሊት ተቀምጫለሁ፤ ሳይመርጥ፣ ሳያገላብጥ፣ «ኧረ ቀንሺልኝ» ሳይል የሚገዛ ሰው አይቼ አላውቅም። ዓይኑ ሽንኩርቱ ላይ አልነበረም፤ ከጀርባዬ ያለውን የቤቴን በር ነበር የሚያየው። ልጄ ከዩኒቨርሲቲ ጓደኞቿ ጋር ሰልፍ ከወጣች ወዲህ ቤት አታድርም። ቶሎ ቶሎ ፌስታሉን ቋጠርኩ።

«ልጅሽ የት ናት?» አለኝ፣ ፌስታሉን ሳይቀበል።

«ትምህርት ቤት።»

«እንግዲያው አንቺ ነይ።»

ቲማቲሜን እንኳ አልሸፈንኩም።

ያስገቡኝ ክፍል እንደ እህል መጋዘን ረጅም ነው። ግድግዳው እስከ ወገብ አረንጓዴ ተቀብቷል፤ ከዚያ በላይ ቀለሙ ያለቀባቸው ይመስላል። በረኪናና እርጥብ ፍራሽ ይሸታል። ሴቶቹ ጠጋ ጠጋ ብለው ቦታ ሰጡኝ። ከጎኔ የነበሩት ባልቴት ጡረታ የወጡ የታሪክ አስተማሪ ናቸው፤ ሁሉም «ቲቸር» ይላቸዋል። በምን እንደታሰሩ አልጠየቅኳቸውም። እዚያ አይጠየቅም።

መርማሪው አልመታኝም። ሻይ ሁሉ አዞልኛል።

«ልጅሽን ይዘናታል፤ ሁሉንም ተናግራለች» አለኝ። «እዚህ ላይ ጣትሽን አሳርፊና ሁለታችሁም ቤታችሁ ግቡ።»

ፊደል ቆጥሬያለሁ እንጂ እንዲህ ያለ ወረቀት አላነብም። እሱው አነበበልኝ። የልጄ ጓደኞች እኔ ቤት መሣሪያ ደብቀዋል ይላል። አልደበቁም። ሽሮ በልተው ነው የሄዱት።

«እስከ ሰኞ አስቢበት።»

ከዚያ ወዲያ እህል አልወርድልሽ አለኝ። ልጄን እውነት ይዘዋት ከሆነ ጣቴን አይደለም ክንዴን እሰጣቸው ነበር። ካልያዟት ግን የሰው ልጆችን በገዛ ጣቴ ማስበላቴ ነው። የሚነግረኝ አንድ ሰው ብቻ አለ፤ እሁድ እሁድ ስንቅ የምታመጣልኝ እህቴ።

የእሁዱ ጥየቃ ግን ጥየቃ አልነበረም። በኛና በጠያቂዎቻችን መካከል ሁለት የሽቦ አጥር አለ፣ በመሃሉ አንዲት ፖሊስ ትመላለሳለች። ሁላችንም ሽቦው ላይ ተለጥፈን ባንድ ላይ እንጮሃለን፣ እነሱም ባንድ ላይ ይጮሃሉ። ባለፈው እሁድ የእህቴ አፍ ሲከፈትና ሲዘጋ አይቼ፣ አንድ ቃል ሳልሰማ ተመለስኩ።

በክፍላችን ከምሳ በኋላ በተራ ወግ ማውጋት ልማድ ነበር። ቅዳሜ ተራው የቲቸር ሆነ። ጣታቸውን ውሃ ነክረው ሲሚንቶው ላይ ግማሽ ክብ ሳሉ።

«ይሄ የጥንት ሮማውያን ቲያትር ቤት ነው» አሉ። «ጣሪያ የለውም። መቀመጫው ደረጃ ነው፣ አንዱ ካንዱ በላይ እየወጣ ይዞራል። ግሪኮች የተራራ ጎን ፈልገው ነበር የሚሠሩት። ሮማውያን ግን ሜዳ ላይም ቢሆን ቅስት በቅስት ላይ ደርበው፣ ተራራውን ራሳቸው ይሠሩታል።»

«ፊት የሚቀመጠውስ ማነው?» አለች ጠላ ቤት የነበራት ሴትዮ።

«ሹማምንቱ። ሴቶችና ባሪያዎች ጫፍ ላይ።»

«አይ ሮማ! እዚያም ወጥ ቤት አስቀመጡን በሉኛ!»

ሳቅን። ቲቸር ግን ቸኩለዋል፣ ውሃው እየደረቀባቸው ነው። ከግማሹ ክብ ፊት ለፊት ቀጥ ያለ መስመር አሰመሩ። «ይሄ ደግሞ የመድረኩ ግድግዳ ነው። እንደ መጨረሻው መቀመጫ ቁመቱ ረጅም ነው። ሰውየው ይሄን ጀርባው አድርጎ ሲናገር፣ ድንጋዩ ድምፁን መልሶ ወደ ሰዉ ይወረውረዋል። በሺህ የሚቆጠር ሕዝብ ያለ ማይክራፎን ይሰማ ነበር።»

ይሄ ሁሉ ካለፈ በኋላ፣ አምና፣ እዚህ እንግሊዝ አገር ልጄ እንዲህ ያለውን ቦታ አሳየችኝ። ከለንደን በባቡር ትንሽ ወጣ ይላል። «ማሚ፣ ሳር ብቻ ነው እኮ፣ እንዳትናደጂ» አለችኝ አስቀድማ። እውነትም ደረጃው አፈር ሆኗል፤ የቆመው አንድ ዓምድ ነው። ድንጋዩን የኋላ ሰዎች እየነቀሉ ቤት ሠሩበት አሉ። ግማሹ ክብ ግን አልጠፋም። በጫማዬ ዙሪያውን ሄድኩበት፤ ቲቸር በውሃ የሳሉት ቅርጽ ራሱ ነው።

ያን ቅዳሜ እስር ቤት ግን ቲቸር ሥዕሉ ከደረቀ በኋላም ሲሚንቶውን እያዩ ቆዩ። በመጨረሻ ቀና አሉና፣ «ጠያቂዎቻችን የሚቆሙበት ዳገት አይደለም እንዴ?» አሉ። «ከኛ ጀርባስ የግምጃ ቤቱ የብሎኬት ግድግዳ አይደል ያለው? ቲያትር ቤቱማ ተሠርቶልን የለ! ነገ ከሽቦው ወደኋላ፣ ግድግዳው ሥር እንቁም።»

«ቲቸር ይሙቱ፣ ልጄን ለማየት ወደኋላ ልሂድልዎ?» አለች ባለ ጠላ ቤቷ።

«ጩኸቱስ?» አሉ ሌሎቹ። «ሁሉም እየጮኸ ግድግዳ ምን ያደርጋል?»

እኔ አፌን ከፍቼ የማላውቀው ሴትዮ ድንገት ተናገርኩ። «ለቅሶ ቤት እንዴት ነው የምናደርገው? አልቃሿ ሙሾ ስታወጣ ሌላው ዝም ይል የለም? ያቺ ስትጨርስ ሁላችን እንቀበላለን፣ ቀጥሎ ሌላዋ ትነሳለች። ይሄን የማታውቅ ሴት አለች?»

ቲቸር ጉልበቴን መታ መታ አደረጉኝ። «ተባረኪ።»

እሁድ ስንወጣ ሽቦውን ትተን ግድግዳው ሥር በግማሽ ክብ ቆምን። ፖሊሷ ግራ ገባት። «ምን ሆናችሁ? ጠያቂ አትፈልጉም?» አለች። ማዶ ያሉት እንደ ልማዳቸው ጮሁ። እኛ ዝም። ቲቸር እጃቸውን አንስተው፣ «አንድ አንድ!» አሉ፤ ብሎኬቱ ድምፃቸውን አውጥቶ ዳገቱ ላይ ጣለው። ማዶ አንድ ሽማግሌ «እስቲ ስሙ!» ሲሉ ጩኸቱ ቀስ እያለ በረደ።

መጀመሪያ እኔ እንድናገር ፈቅደውልኝ ነበር። ግን አንዲት አራስ ነበረች፤ ልጇን እናቷ ዘንድ ትታ የመጣች፣ ጡቷ እየፈሰሰ ቀሚሷ የረጠበ። «እሷ ትቅደም» አልኩ።

«እማ! ጡጦ ያዘልሽ?» አለች አራሷ።

«ያዘ! ወፍሯል እንዲያውም!»

እኛ ሁላችን «እሰይ!» ብለን ተቀበልን። ከዚያ ወደ መሃል ገባሁ፣ ጀርባዬን ግድግዳው ላይ አደረግሁ።

«እህቴ! ልጄን ይዘዋታል ወይ?»

እህቴ ነጠላዋን ከአፏ ላይ አወረደች።

«ማን ይይዛታል! ድንበር ተሻግራለች! ትላንት በስልክ አናግሬያታለሁ፣ ጆሮዬ ሰምቷታል!»

ሴቶቹ እልል አሉ። ዳገቱም እልል አለ። ፖሊሷ ፊቷን አዞረች፤ እየሳቀች ይሁን እየተቆጣች አላየሁም።

ሰኞ መርማሪው የአሻራ ቀለሙን ሳጥን ከፍቶ ጠበቀኝ። እጄን ነጠላዬ ውስጥ ከተትኩ።

«ልጄን አምጣና ፊቷን አሳየኝ» አልኩት። «ያን ጊዜ እንነጋገራለን።»

ሳጥኑን ከደነ። ሻዩንም አላመጣልኝም። ከዚያ በኋላ ብዙ ከረምኩ፤ የልጄ ጓደኞች ግን በኔ ጣት አልተከሰሱም። ቲቸር ከኔ ቀድመው ተፈቱ፤ ዛሬም በስልክ «እንዴት ዋሉ ቲቸር?» እላቸዋለሁ።

ከተፈታሁ በኋላ በስንት አገር ዞሬ ለንደን ገባሁ። ልጄ ሰው መሃል ቆማ ስትጠብቀኝ የከሳች መሰለኝ። ፊቷን በሁለት እጄ ያዝኩት።

«ደረስሽ?» አለችኝ፣ ሌላ ቃል አጥታ።

«ደረስኩ።»

አሁን ሃርልስደን በሚባል የለንደን ሰፈር አብረን ነን። የፖሊስ መኪና በመንገዱ እየጮኸ ሲያልፍ ዛሬም ሰውነቴ ይሸማቀቃል፤ አልዋሽም። ያልፋል። ልጄ ከሥራ ስትመለስ እራት እናቀርባለን፣ ስለ ባሱ መዘግየት ታማርራለች፣ እሰማታለሁ። የሚፈልገኝ የለም። ደህና ነኝ። ልጄም ደህና ናት።