የጋሼ ጡጫ በሮች

አባቴን ሰፈሩ «ጋሼ ጡጫ» ነው የሚለው። ስሙን ብቻ የሰማ እንግዳ መንገድ ሊቀይር ይችላል፤ አባቴ ግን ዝንብ እንኳን ሲመታ አይቼው አላውቅም። ግንበኛ ነው፣ ስሙም የመጣው ከሥራው ነው። በር ሲሠራ ሜትር አያወጣም። ግድግዳው አጠገብ ቀጥ ብሎ ይቆማል፣ እጁን ጨብጦ አናቱ ላይ ያስቀምጣል፣ ከዚያ «እዚህ ጋ ምልክት አድርጉ» ይላል። የበሩ ከፍታ ያ ነው፣ አለቀ።

በወጣትነቱ የነበረችው የጨርቅ ሜትር ዝናብ መትቷት ተለጥጣ አንድ ሙሉ ግድግዳ አስፈርሳዋለች አሉ። «ጨርቅ ይዋሻል። ቁመቴ ግን ከእኔው ጋር ውሎ ከእኔው ጋር ነው የሚያድረው፣ የት ይሄዳል?» ይላል።

ችግሩ አባቴ ረጅም ሰው አለመሆኑ ነው። እሱ ፊት «አጭር» የሚባል ቃል አይነሳም። በእናቴ አነጋገር አባቴ «ልከኛ» ነው፤ እኛም ልጆቿ እንደዚያው እንላለን።

ከአርባ ዓመት በፊት ጎረቤታችን ልብስ ሰፊው የመጀመሪያውን ቤት አሠራው። ቀጣዩ ሰውዬ «እንደ ልብስ ሰፊው ይሁንልኝ» አለ። ሦስተኛውም «እንደነሱ» አለ። ደንበኛ ሁሉ እንደዚያ ሲል ሌሎቹ ግንበኞች ምን ያድርጉ? የአባቴን በር በእንጨት እየለኩ ልኩን ወሰዱ። ከመካከላቸው አባቴን በአንድ ራስ የሚበልጥ አለ፤ ያ ምስኪን ዕድሜውን ሙሉ ራሱ ተጎንብሶ የሚገባበትን በር ሲሠራ ኖረ። እኔ ማዘጋጃ ቤት የቤት ንድፍ ሠሪ ነኝና ለክቼዋለሁ፤ በእኛው በላይኛው ሰፈር በር የተባለ ሁሉ አንድ ሜትር ከስልሳ ስምንት ነው። የመስኮቱ ደፍ ደግሞ በአባቴ ክርን ልክ ስለሆነ ለመደገፍ ይመቻል፤ የሰፈሩ ሰው ቀኑን ሙሉ መስኮት ላይ ወሬ ሲሰልቅ የሚውለው ለዚህ ነው። አንድ ጊዜ ከሌላ ከተማ አንድ ተመራማሪ መጥቶ «የዚህ ከተማ ሕዝብ ትሕትናውን በበሩ ገልጿል» ብሎ ጻፈ። ለአባቴ ባነብለት «እውነቱን ነው» አለኝ፣ ዓይኔን ሳያይ። ወይ አባቴ!

አምና እኔና ባለቤቴ አዲሱ ሰፈር ቤት መሥራት ስንጀምር አባቴ ሰባ ሦስት ዓመቱ ነበር፤ ላይኛው ሰፈር ስለሞላ አዲስ በር ከሠራ ዓመታት አልፈዋል። ግንቡን ሌላ ሰው ይሥራው፣ በሩን ግን ማንም አይነካብኝም አለ። ሠራውም። ባለቤቴ በመጀመሪያው ቀን ሲገባ ግንባሩን ገጨ። በሁለተኛው ቀንም ገጨ። እንዲህ የሚሆን ሰው አልነበረም፤ ላይኛው ሰፈር ያደገ ነውና ስንት ማጎንበስ እንዳለበት አንገቱ ያውቃል።

«ምንም አይደለም አባባ» አለ፣ እብጠቱን በመዳፉ ሸፍኖ።

አባቴ በሩ ሥር ቆመና ጡጫውን አናቱ ላይ አደረገ። ጡጫው ጉበኑ ላይ፣ ከበሩ በላይ በተጋደመው ድንጋይ ላይ፣ ልክክ አለ። «ያውልህ! በሩ ልክ ነው። አንተ ነህ የረዘምከው።»

«በሠላሳ ስምንት ዓመቱ?» አልኩት።

«ደስታ ያስረዝማል» አለኝ።

ሲሄድልኝ ሜትሬን አወጣሁ። አንድ ሜትር ከሃምሳ ዘጠኝ። ደግሜ ለካሁ፣ ያው ነው። በሩ አልተሳሳተም። ሃምሳ ዓመት ድንጋይ የተሸከመ ጀርባ ነው ሳያሳውቀው ቀስ እያለ የታጠፈው።

እናቴ ልብስ ስትተኩስ ደረስኩና ነገርኳት። ካውያዋን እንኳን አላቆመችም።

«ዛሬ ነው ያወቅሽው? ሱሪውን ማን የሚያጥፍለት መሰለሽ? ሁለቴ አሳጥሬለታለሁ። ‹ምነው ይሄ ሱሪ መሬት ጠረገ› ሲለኝ ‹የዘንድሮ ጨርቅ ነው› እለዋለሁ።»

«ታዲያ ልንገረው?»

«ምን ልትጠቀሚ? ሙያው እኮ ያቺ ቁመቱ ናት። ከነገርሽው መሣሪያውን ይሰቅላል። መሣሪያውን ከሰቀለ ደግሞ እኔ ያገባሁትን ሰውዬ አላገኘውም።»

እሺ፣ ዝም እላለሁ አልኩ። ባለቤቴ የባሰ ማጎንበስ ይማራላ! ግን ማክሰኞ ከሥራ ስመለስ አንድ ግንበኛ እንጨት ይዞ የቤቴን በር ሲለካ አገኘሁት። «የጋሼ ጡጫ አዲሱ በር ይሄ ነው አሉኝ» አለኝ። ከእሱ በፊት ሌሎች ሁለት ለክተው ሄደዋል። አዲሱ ሰፈር ገና መሠረት እያወጣ ነው። እኔ ዝም ካልኩ ሰፈር ሙሉ ሰው ግንባሩን ሊገጭ ነው። ሰውየውን «ነገ ጠዋት ሌሎቹንም ይዘሃቸው ና» ብዬ ሸኘሁትና አባቴን አስጠራሁት።

«አባዬ፣ ይሄ በር ከድሮዎቹ በዘጠኝ ሳንቲም ያንሳል።»

«ሜትርሽ ተበላሽቶ ነው።»

«አልተበላሸም፣ አባዬ።»

ትክ ብሎ አየኝ። ነገሩ ሲገባው ፊቱ ላይ አየሁት፤ ምነው ምላሴን በቆረጠው አልኩ። ተነስቶ ወጣ። ተከተልኩት። ሽቅብ ወደ ላይኛው ሰፈር፣ ሰላም የሚሉትን ሁሉ ሳይሰማ አልፎ ልብስ ሰፊው ደጃፍ ደረሰ።

«ግባ እንጂ» አለው ልብስ ሰፊው ከስፌት መኪናው ሳይነሳ።

አባቴ አልገባም። ከአርባ ዓመት በፊት የሠራው በር ሥር ቀጥ ብሎ ቆመና ጡጫውን አናቱ ላይ አኖረ። ከጡጫው በላይ ሌላ ጡጫ የሚያስገባ ክፍተት ነበር። ተረከዙን ትንሽ አነሳ። መልሶ አወረደው። እዚያው መንገድ ላይ አለቀስኩ፣ ምን እደብቃለሁ።

በማግስቱ ሦስቱ ግንበኞች ሲመጡ አባቴ ቀድሟቸው ከባለቤቴ ጋር የቤታችንን ጉበን አውርዶ አዋራ ለብሶ ቆሟል።

«በዚህ በር የለካችሁበትን እንጨት ጣሉት» አላቸው።

«ምነው ጋሼ? በሩ ምን ሆነ?» አለ በዕድሜ ከፍ ያለው።

አባቴ ጉሮሮውን ጠረገ። «በሩ ምንም አልሆነም። እኔ ነኝ ያጠርኩት።»

ማንም አልሳቀም። አብራው የመጣችው እናቴ ወደ እሱ ሄዳ ትከሻው ላይ ያለውን አዋራ ማራገፍ ጀመረች፣ ቢያልቅም አላቆመችም።

«እንግዲህ ሌላ የምትለኩበት ፈልጉ፤ እኔ በቃኝ» አለ አባቴ።

«ምን ሌላ እንፈልጋለን ጋሼ? እርስዎ ልብስ ሰፊው ቤት በር ላይ አሉ አይደል?» አለ ሰውየው። ሦስቱም አዲስ እንጨት ይዘው ሽቅብ ወጡ፤ ልኩን ቆርጠውም ተመለሱ። ግድግዳውን ከፍ ያደረጉት እነሱ ናቸው። ጉበኑን ግን ለአባቴ ተዉለት፤ እነሱ ተሸክመው፣ እሱ ውሃ ልክ ይዞ «ወደ ግራ፣ ትንሽ፣ በቃ!» እያለ አስቀመጠው።

ሲጨርስ በበሩ ሥር አለፈ። መሐል ላይ ቆም ብሎ ቀና አለና ድንጋዩን ለረጅም ጊዜ አየው።

«እናትሽን ሳገባት» አለኝ፣ «ይሄን ያህል ነበርኩ።»