ጥም ቆራጩ ድምፅ፦ ከአዘዞ እስከ ሽንፋ ቆላ

ማክሰኞ፣ ንጋት፤ አዘዞ

ሚኒባሱ ሳይሞላ አይነሳም፤ ሲሞላም አይነሳም፤ እስኪተርፍ ይጠብቃል። ከኋላ ወንበር የተቀመጡ ሰሊጥ አጫጆች ማጭዳቸውን በጆንያ ጠቅልለው በጉልበታቸው መሀል ይዘዋል። እኔ የያዝሁት አንድ ቦርሳና አንድ ግጥም ነው። ግጥሙን የሚያዜምልኝ ሰው ፍለጋ ነው የምወርደው።

ቆላው ውስጥ «ጥም ቆራጭ» የሚሉት የድምፅ ዓይነት አለ። ወፍራምም ቀጭንም አይደለም ይላሉ። በስንት ዘመን አንዴ አንድ ሰው ላይ ይወጣል፤ እሱ ሲያዜም የሰማ ውሃ አይጠማውም። ዘንድሮ ሽንፋ አጠገብ፣ አንድ እርሻ ላይ፣ ሙላት የሚባል ጎጃሜ ይህ ድምፅ እንዳለው ጎንደር ድረስ ተወርቷል።

«ለዘፈን ብለህ መተማ ትወርዳለህ?» አለኝ ሾፌሩ።

«የእሱ ይለያል።»

«ርሀብ ቆራጭ ያገኘህ ቀን ደውልልኝ።»

ተሳፋሪው ሳቀ። እኔም ሳቅሁ።

ማክሰኞ፣ ቀትር፤ ገንዳ ውሃ

ከአይከል በኋላ መንገዱ ቁልቁል ነው። መጀመሪያ ጋቢ ይወልቃል፣ ቀጥሎ ሹራብ፣ በመጨረሻ ወሬ ይቆማል። ኬላ ላይ ቦርሳዬን የበረበረው ወጣት ግጥሜን ገልጦ አነበበና ምንም ሳይል መለሰልኝ። እስከ ዛሬ ካነበቡልኝ ሁሉ ጨዋው እሱ ነው።

ገንዳ ውሃ ላይ ውሃ ከጎንደር በእጥፍ ይሸጣል። የሱቁ ባለቤት ሐጂ ኢድሪስ፣ ነጭ ጀላቢያ ለብሰው ማራገቢያ ሥር ተቀምጠዋል።

«ሐጂ፣ ሙላት የሚባለውን ያውቁታል?»

«ገበያዬን የዘጋውን? እንዴት አላውቀው!» ሳቁ፤ ሳቃቸው ግን ብዙ አልቆየም። «ያ እርሻ በየቀኑ ውሃ ያስጭን ነበር። አሁን የሚወስዱት በረዶ ብቻ ነው፤ ለእሱ ለአንዱ። ሂድ ልጄ፤ ውሃህን ግን ያዝ።»

ሁለት ጠርሙስ ያዝሁ።

ማክሰኞ፣ ከሰዓት፤ እርሻው

ከሽንፋ ወዲያ ያለውን መንገድ በትራክተር ተጎታች ላይ ሄድሁ። ጥቁር የተሰነጠቀ መሬት፣ እስከ አድማስ የቆመ ሰሊጥ፣ ያጎነበሰ ጀርባ። ምላሴ የእንጨት ቅርፊት ሆኖ ነበር። ከዚያ ድምፁ መጣ።

ሙላት ያወጣል፣ አጫጆቹ ይቀበላሉ። አፌ ሎሚ እንዳየ ሰው በምራቅ ተሞላ። ጠርሙሱን ልከፍት የነበረው እጄ ወደ ኪሴ ተመለሰ። የጸሐይዋን ክብደት አውቀዋለሁ፣ አይሰማኝም። ሰው እንዲህ ያለ ድምፅ ተሰጥቶት እርሻ ላይ ይውላል ብዬ ቀናሁም፣ ተናደድሁም።

ሙላት ቀጭን፣ ከንፈሩ የተሰነጣጠቀ ሰው ነው። ወገቡ ላይ በረዶ የተሞላች ትንሽ ጀሪካን ታስራለች።

«ድምፄ ለራሴ አይሠራም» አለኝ። «እኔን እንደ ማንም ይጠማኛል። አገሬ ደቦ ላይ አውጪው ሲጠማው ዜማው ይቆማል፤ የጠማውም ያልጠማውም አብሮት ይጠጣል። ‹አልጠማኝም› ማለት የለም። እዚህ ካቦው፣ የሥራ አለቃችን፣ ይህችን ወገቤ ላይ አሰረልኝ። እንዳልቆም።»

ረቡዕ፤ እዚያው

ረፋድ ላይ የሙላት የእህቱ ባል ይርጋ ማጭዱን እንደያዘ ወደቀ። ዓይኑ ጎድጉዷል፣ ቆዳው ደርቋል፣ ላብ የሚባል የለም።

«ውሃ ስጡት!» አለ አንዱ።

«አልጠማኝም» አለ ይርጋ፣ እንደተጋደመ።

ሙላት ዜማውን አቆመ። ጥሙ ያን ጊዜ ሁላችንም ላይ ወረደ። ጉሮሮዬን አሸዋ የሞላው መሰለኝ። ሰው ማጭዱን እየጣለ ወደ በርሜሉ ሮጠ፤ በርሜሉ ባዶ ነው። ሙላት ጀሪካኑን ከወገቡ ፈትቶ ሰጣቸው። ሦስተኛው ሰው ጋ አለቀች።

«ውሃ ካልመጣ አላወጣም» አለ ለካቦው።

«ትራክተሩ ሰሊጥ ይጭናል። ውሃ ማታ ነው።»

አጫጆቹ ካቦው ላይ ይነሳሉ ብዬ ጠበቅሁ። የሚከፈላቸው በታጨደው ልክ ነው፤ ሰሊጥ ደግሞ ከደረሰ ቀን አይሰጥም፣ ይረግፋል። ሰይድ የሚባል የወሎ ሰው ወደ ሙላት ዞረ።

«ያረብ! ምን አደረግንህ ወንድሜ? የጠማን አንተ ዝም ስትል ነው!»

«የጠማህማ ጧት ነው፣ ሰይድ። አላወቅህም እንጂ።»

«እንዳላውቅ አድርገኝ በቃ!»

«አውጣ! አውጣ!» አሉ ሁሉም። አንዱ ጓል ወረወረበት።

ካቦው አልጮኸም። «ተዉት፣ ይሂድ» አለና ስልኩን አወጣ። «ድምፁ እኔ ዘንድ አለ።» ከትንሽ ስፒከር ጋር አገናኝቶ ስፒከሩን የሰሊጥ ነዶ ላይ አስቀመጠ። የሙላት ድምፅ ወጣ፤ ትንሽ ሻከር ይላል እንጂ ያው ነው። ትከሻቸው ሲፈታ አየሁ። ሰይድ ማጭዱን አነሳ። ይህኛው ሙላት አይጠማውም፣ አይቆምም።

ረቡዕ፣ ቀትር፤ ወደ ሽንፋ

ይርጋን ሰሊጥ በጫነው ተጎታች ላይ፣ ከኩንታሎቹ አናት አስተኛነው። ሽንፋ ጤና ጣቢያ አለ። ግጥሜን ከቦርሳዬ አላወጣሁም። ሙላት ከቦርሳዬ ጋር ማደሪያው ቀርቶ የነበረውን ጠርሙሴን ተቀብሎ ወደ ይርጋ ከንፈር አስጠጋ።

«አልጠማኝም» አለ ይርጋ፤ ጥርሱን ነክሶ ፊቱን አዞረ።

ስፒከሩ ከሩቅ ይሰማል። የእኔም አፍ ርሷል።

«ጆሮውን ያዝልኝ» አለኝ ሙላት።

«ምን?»

«ጆሮውን! በሁለት እጅህ ድፈነው፣ እኔን እንዳይሰማ!»

መዳፎቼን የይርጋ ጆሮዎች ላይ አጥብቄ ጫንሁ። ትራክተሩ ያንገጫግጨናል። ትንሽ ቆይቶ የይርጋ ፊት ተጨማደደ፣ አፉ ተከፈተ።

«ውሃ» አለ።

ሙላት አንገቱን ደግፎ በጥቂት በጥቂቱ አጠጣው። ከኋላችን አጫጆቹ ለስፒከሩ ይቀበላሉ።