ደሴቲቱ አልዘመመችም

ሰዉ ሁሉ ጋሽ ቋጠሮ ይለዋል። ሥራው ደሴት ማሰር ነው። በዚያ አገር መሬት አንድ ቦታ አይረጋም፤ ደሴቶቹ እንደ ደመና አየር ላይ ተንሳፍፈው ነፋስ ወደመራቸው ይሄዳሉ። ሁለት ደሴቶች ጎን ለጎን ሲደርሱ ጋሽ ቋጠሮ ገመድ ወርውሮ ያስራቸዋል፣ የእንጨት ድልድይ ይዘረጋል፣ ዘመድ ከዘመድ ይገናኛል። ነፋስ ሲበረታ ደግሞ እሱው ይፈታቸዋል። ካልፈታ ገመዱ የሁለቱንም ጠርዝ ገምሶ ይወስዳል። ጠርዝ ላይ ደግሞ የአንድ ሰው ሽንት ቤት አይጠፋም።

ቋጠሮው የታወቀ ነው። መንደር ተሰብስቦ ቢጎትተው አይላላም፤ እሱ ጫፉን በሁለት ጣቱ ሳብ ሲያደርገው ግን እንደ ጫማ ክር ይፈታል።

ከኪሱ የማትለይ ቱንቢም አለችው፤ በክር የተንጠለጠለች የብረት ፍሬ። ክብደት ወደ አንድ ጎን ሲበዛ ደሴት ትዘምማለች፤ ስትዘምም መናገር የእሱ ድርሻ ነው። ሠርግ ቤት ገብቶ ሙሽሮቹን ወደ መሃል አስጠግቷል። ለቅሶ ቤት ገብቶ ሬሳውን ከነአልጋው ወደ ሌላው ግድግዳ አዙሯል። ማንም አልተቀየመውም። ሥራ ነው።

አማቱን እስኪጋብዝ ድረስ ማለት ነው።

የአማቱ ደሴት በዚያ በኩል የምታልፈው በዓመት አንዴ ነው። ዘንድሮም መጣች፣ አሰራት፣ አማቱ ለምሳ ተሻገሩ። የጋሽ ቋጠሮ ቤት ምሥራቁ ጠርዝ ላይ ነው፤ ጠርዝ ላይ ትንሽ ክብደት ብዙ ነው። አማቱ ትንሽ አይደሉም። በመስኮቱ በኩል ካለው ሶፋ ላይ ተመቻችተው ተቀመጡ። የጋሽ ቋጠሮ እጅ እንደ ልማዱ ኪሱ ገብቶ ቱንቢዋን ግድግዳው ላይ አንጠለጠለ። ቱንቢዋ ከግድግዳው ርቃ ወደ እንግዳዋ አጋደለች።

“እማማ፣” አለ፣ “እስቲ ትንሽ ወደ መሃል ጠጋ ይበሉ። ደሴቲቱ ዘመመች።”

አፍ ሲያመልጥ ራስ ሲመለጥ አይታወቅም ይባላል። የጋሽ ቋጠሮ ራስ የተመለጠው ቀደም ብሎ ነው። አፉ ያመለጠው ያን ቀን ነው።

አማቱ ማንኪያቸውን አስቀመጡ። “እኔ ነኝ አገር ያዘመምኩት?” ብለው ተነሡና ድልድዩን ተሻገሩ። ሚስቱ ሻንጣዋን አንስታ ተከተለች።

“ወዴት ነው?” አላት።

“እናቴ ወደማትከብድበት።”

አልተከተላትም። እሷ ማዶ ልብስ እያሰጣች ታየዋለች፤ እሱ ወዲህ ገመድ እየጠቀለለ ያያታል። “እኔ ሥራዬን ነው የሠራሁት፣” ይላል፣ ለጠየቀውም ላልጠየቀውም።

ከዚያ ነፋሱ መጣ።

“ጋሽ ቋጠሮ፣ ፍታ እንጂ!” አለ የመንደሩ ሊቀ መንበር፣ ኮፍያውን በእጁ ይዞ እየሮጠ።

ከፈታ ሚስቱ ማዶ ቀረች ማለት ነው፤ ደሴቷ ዞራ እስክትመጣ ዓመት። እሱ ሻይ ማፍላት እንኳ አይችልም፤ ይህን መንደሩ ሁሉ ያውቃል። መንደሩ የማያውቀው፣ ገመድ በጎተተ ቁጥር ከበሩ ላይ “ወገብህን!” እያለች ካልጮኸችበት መጎተት እንደሚያስጠላው ነው።

ቋጠሮው ላይ ጎንበስ አለ። ሳብ ያደረገ መሰለ።

“እምቢ አለኝ።”

“ያንተ ቋጠሮ?”

“እርጥበት ገብቶበት ይሆናል።”

ዝናብ ከጠፋ ወር አልፎ ነበር። ድልድዩ ማቃሰት ጀመረ። ከጠርዙ አፈር እየተናደ ወደ ባዶው ወረደ። የመንደሩ ልብስ ሰፊ ሽንት ቤት ተወዛወዘ።

“ሰው አለ!” ብላ ጮኸች ልብስ ሰፊዋ ከውስጥ።

“መጥረቢያ አምጡ!” አለ ሊቀ መንበሩ።

ሚስቱ ከማዶ ድልድዩ አፍ ላይ ወጥታ ቆመች። “አንተ ሰውዬ! ስኖር ስኖር ቋጠሮ እምቢ ሲልህ አይቼ አላውቅም!”

“ዛሬ አለኛ!”

“ምን ፈልገህ ነው?”

“እኔ ምንም! ቋጠሮው ነው!”

“እንግዲያው መጥረቢያው ይቁረጠው፣” ብላ ፊቷን አዞረች።

“ቆይ! ተሻገሪ!”

“መጀመሪያ ያልከውን መልስ። ጮክ ብለህ! እናቴን ስታዋርድ መስኮቱ ክፍት ነበር።”

የሁለት ደሴት ሰው አንገቱን አሰገገ። ጋሽ ቋጠሮ ቀና አለ። ስለ መዝመም ዋሽቶ አያውቅም፤ ከራሱ የሚኮራበት ነገር ቢኖር ይህ ብቻ ነው።

“በል እንጂ ጋሼ፣ ልወድቅ እኮ ነው!” አለች ልብስ ሰፊዋ።

“ደሴቲቱ አልዘመመችም!”

“ታዲያ ምንድን ነው የዘመመው?”

“ቱንቢዋ ናት!”

“ቱንቢዋ ብቻ?”

“እኔም! እኔ ነኝ የዘመምኩት!”

ሰው አጨበጨበ። ሚስቱ ሻንጣዋን ይዛ ተሻገረች። እሱ ዓይኑን ከእሷ ስላልነቀለ ከኋላዋ ማን እንደሚመጣ ልብ አላለም።

“ልፍታ?”

“ቆይ ትንሽ። አዎ፣ አሁን ፍታ።”

በሁለት ጣቱ ሳብ አደረገ። ቋጠሮው ተፈታ፤ ደሴቷ እየራቀች ሄደች። ሊቀ መንበሩ አንዴ ገመዱን አንዴ ሰውየውን አየና መጥረቢያውን ይዞ ሄደ። ጋሽ ቋጠሮ ዞር ሲል አማቱ ብርድ ልብስና ትራስ ታቅፈው ቆመዋል።

“ተባረክ ልጄ፣” አሉት። “ቋጠሮው ባይጠብቅብህ ኖሮ ጓዜን መሸከፊያ ጊዜም አላገኝም ነበር። ዓመት ምን አላት፣ ቶሎ ታልቃለች።”

ቤት ገብተው አማቱ ያንኑ ሶፋ ያዙ። ከማድቤት አንድ ሽንኩርት ተንከባልሎ ወጣ። ሳሎኑን በዝግታ አቋረጠና እግራቸው ሥር ሲደርስ ቆመ። ሦስቱም አዩት።

“ምን ሆኖ ነው?” አሉ አማቱ።

“ነፋስ ነው፣ እማማ።”

መስኮቱ ዝግ ነበር። ጋሽ ቋጠሮ ወንበሩን አንስቶ ከወዲያኛው ግድግዳ ሥር ወሰደና ተቀመጠ። ወጥቶ ከባዱን ጥቅል ገመድ ተሸክሞ ተመለሰና ጭኑ ላይ አስቀመጠው።

“ምነው ራቅክ?” አለችው ሚስቱ።

“ከዚህ ስሆን ሁለታችሁም በደንብ ትታዩኛላችሁ፣” አለ።